እንደ ትናንቱ፣ አደራ

ከዋናው ሜዳ የተመልካች መቀመጫ ሥር፣ ጣሪያዋ የደረጃውን ቅርጽ ይዞ ወደ ታች የሚያዘቀዝቅ ጠባብ ክፍል አለች። አንድ ማሽን፣ አንድ ከፍ ያለ ወንበር፣ ግድግዳው ላይ የተንጠለጠሉ የክር ጥቅሎች፣ ወደ ሜዳው የምትከፈት አንዲት መስኮት፤ በቃ። እዚያ የሚሠራው ሰው ወጣሪው ይባላል። ስሙ የወጣለት የቴኒስ ራኬት ክር ስለሚወጥር ነው፤ ቀረብ ብለው የሚያውቁት ግን ሌላም ምክንያት አላቸው። ነገር አይለቅም። ተናጋሪው ራሱ የረሳውን ቃል እሱ ከነድምፁ ያስታውሳል። ሚስቱ ጸጉር ሠሪ ናት፤ «የኔ ባል ቂም ቋጥሮ ብቻ አይተውም፤ ደርቦ ይቋጥርና ትርፉን በፒንሳ ይቆርጠዋል» እያለች ደንበኞቿን ታስቃለች።

የቂሞቹ ሁሉ አውራ ግን አንድ ነበር።

በወጣትነቱ እሱና ቄንጠኛው የሚሉት ልጅ በዚሁ ክለብ ጥንድ ሆነው ይጫወቱ ነበር። ቄንጠኛው መረቡ ሥር ቆሞ ይዘላል፣ ይመታል፣ ጸጉሩን ወደ ኋላ ያስተካክላል። ወጣሪው፣ ያኔ ይህ ስም ገና አልወጣለትም፣ ከኋላ ሆኖ የመጣውን ሁሉ ይመልሳል። ጭብጨባው ለዘላዩ ነበር፤ ጨዋታውን የሚያሸንፈው ግን መላሹ ነበር። ይህን ሁለቱም ያውቁ ነበር። ክለቡ ጥንዱን ራቅ ወዳለ አገር ለውድድር ሊልክ በወሰነ ጊዜ፣ የመሄጃቸው ቀን ሊነጋ ሲል ቄንጠኛው አሠልጣኙ ዘንድ ገባና «የጓደኛዬ እጅ አብጧል፤ ለእርስዎ መናገር ፈርቶ ነው እንጂ ራኬት መጨበጥ አይችልም» አለ። አጎቱ የክለቡ ሹም የሆነ ሌላ ልጅ ተዘጋጅቶ ይጠብቅ ነበር።

ወጣሪው ቦርሳውን አንጠልጥሎ አውቶቡሱ ጋ ሲደርስ ወንበሩ ተይዟል፤ አሠልጣኙም የሰሙትን ቃል በቃል ነገሩት። «እጄን እዩት!» ብሎ ሁለቱንም ዘረጋ። አሠልጣኙ እጁን ሳይሆን ፊቱን አይተው ትከሻውን መታ መታ አደረጉት። «አይዞህ፣ ይድናል» አሉት። አውቶቡሱ ተነሣ። ቄንጠኛው በመስኮት ብቅ ብሎ እጁን አውለበለበለት።

ውሸቱን ይቅር ይለው እንደነበር ወጣሪው አንዳንዴ ያስባል። እጅ ማውለብለቡን ግን ይቅር የሚልበት አንጀት አልነበረውም።

ክለቡ «እጅህ እስኪሻልህ እዚህ ተቀመጥ» ብሎ ከማሽኑ ፊት አስቀመጠው። ያልታመመ እጅ እንዴት ይሻለዋል? እዚያው ቀረ። ቋሚውን ክር መሳብ፣ አግድሙን ከላይና ከታች እያሾለኩ መሸመን፣ ጠርዙን በወስፌ መክፈት፣ መቋጠር። ጸጉሩ ሸሸ፣ ወገቡ ጣሪያውን ለመደ፤ ውጭ ሲሄድም ጎንበስ ብሎ ነው። ቄንጠኛው በየአገሩ መዞሩን ይሰማ ነበር። ትልልቆቹ ውድድሮች በር ድረስ ደርሶ ይመለሳል አሉ። የትከሻው ጅማት ተበጠሰ አሉ። ወጣሪው እያንዳንዱን ወሬ እንደ ቅመም አጣጥሞ ያስቀምጠው ነበር።

ክለቡ በዓመት አንዴ የሙያተኞች ውድድር ያስተናግዳል። ሙያተኞች ይባሉ እንጂ ቴሌቪዥን የሚያውቃቸው አይደሉም። ሻንጣቸውን ራሳቸው ይጎትታሉ፤ ካልሲያቸውን በእጅ መታጠቢያው ያጥቡና በአጥሩ ሽቦ ላይ ያሰጣሉ። ተመልካቹ ጡረታ የወጣ የክለብ አባል፣ ጥላ የፈለገ መንገደኛ፣ የአንዱ ተጫዋች እጮኛ ነው። ሜዳው የተፈጨ ሸክላ ነው፤ ቀይ ትቢያው ጆሮ ውስጥ ይገባል፣ ዳቦ ላይ ያርፋል። ኳስ ስታርፍበት ምልክት ትተዋለች። ክርክር ሲነሣ ዳኛው ከከፍተኛ ወንበሩ ይወርድና አጎንብሶ ምልክቱን ያያል፤ ለማሽን ዐይን የሚሆን ገንዘብ ያለው ውድድር አይደለም። ሜዳውን የሚያጠጡትና የሚጠርጉት ሽማግሌ ቅንድባቸው ሳይቀር ስለቀላ አባባ ቀዩ ይባላሉ።

በዘንድሮው ውድድር ዋዜማ መስኮቷ ላይ ሦስት ራኬቶች ዱብ አሉ።

«ወንድሜ፣ ሦስቱንም በሃያ አምስት ኪሎ ወጥርልኝ። ነገ ጠዋት እጫወታለሁ። አደራ!»

ወጣሪው ድምፁን ከፊቱ በፊት ዐወቀው። ቀና አለ። ብርሃኑ በደንብ እንዲያርፍበት ፊቱን ወደ መስኮቷ አስጠጋ። ቄንጠኛው አየው፤ ግድግዳ እንደሚያይ ሰው አየው። ጸጉሩን አሁንም ወደ ኋላ ያስተካክላል፤ የሚያስተካክለው ግን ጥቂት ነው። ቀኝ ትከሻው ላይ ፕላስተር ተለጥፏል።

«ማሽኑ ደህና ነው አይደል? ባለፈው ከተማ ያጋጠመኝ ሰውዬ ራኬት ስጠው ከበሮ አድርጎ መለሰልኝ» ብሎ ሳቀ።

«ደህና ነው።»

«በል እንግዲህ፣ በፈጣሪና ባንተ ነኝ።»

ከሰዓት በኋላ ወጣሪው ሚስቱ ጸጉር ቤት ሄዶ ከበሩ አጠገብ ተቀመጠ። እሷ የአንዲት ደንበኛ ጸጉር በመጠቅለያ ትጠቀልል ነበር።

«መጣ» አላት።

«ማን?»

«እሱ።»

በዚያ ቤት «እሱ» የሚባል አንድ ሰው ብቻ ነው። መጠቅለያው እጇ ላይ ቆመ። «እና፣ ምን አለህ? ይቅርታ ጠየቀህ?»

«አላወቀኝም።»

«ፊትህን አይቶ?»

«አይቶ።»

«የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳ ነዋ!» አለችና ጸጉሩን ጠበቅ አድርጋ ሳበችው፤ ደንበኛዋ «ኧረ ቀስ!» አለች። «ይቅርታ የኔ እመቤት። ይኼስ ከመጀመሪያው ይብሳል። አንተ ሰው፣ ምን ልታደርገው ነው?»

«ምን አደርገዋለሁ፤ ራኬቱን እወጥርለታለሁ።»

«እኔ ብሆን ሰውየውን ራሱን ማሽኑ ላይ አስሬ ነበር የምወጥረው።»

«ማንን ነው?» አለች ደንበኛዋ።

«አይ፣ ባሌ የድሮ ጓደኛው መጥቶበት ነው።»

ተመልሶ ወደ ክፍሉ ገባ። የተወጠረ ክር ኳስን ለመታው ሰው ያስገዛል፤ የላላ ክር ኳሷን አርቆ ይወረውራታል፣ ያለ ልክ፣ እንደ ሰካራም ቡጢ። ወጣሪው የማሽኑን የኪሎ ቁልፍ በሃያ አምስት ላይ አደረገ። ቆየና ወደ ሃያ አንድ መለሰው። በሕይወቱ አንድም ሰው ካዘዘው ውልፍት ብሎ አያውቅም። አደራ በላ መሆን እንዲህ ቀላል መሆኑ አስገረመው። «ከሱ የተማርኩት ነው» አለ ለማሽኑ። ሦስቱንም ላላ አድርጎ ወጥሮ፣ ቋጠሮውን አሳምሮ፣ በየራኬቱ ጉሮሮ ላይ «25» የሚል ወረቀት ለጠፈ።

የፈራውን ሁሉ አስቦ ነበር፤ ሰማዩን ግን አላሰበም። ጎሕ ሲቀድ ዘነበ። ዝናቡ ቢያቆምም ብርዱ አልለቀቀም። አባባ ቀዩ ውኃውን በስፖንጅ ሲያነሡ አረፈዱ። ጨዋታው ሲጀመር ሸክላው እንደ ሊጥ ነበር፤ ኳሶቹ እርጥበቱንና ጭቃውን ጠጥተው እንደ ድንች ከበዱ። የቄንጠኛው ተጋጣሚ ብርቱ ወጣት ነው፤ ክሩን እንደ ብረት አስወጥሯል። በሙሉ ጉልበቱ ይመታል፣ ኳሷ ግን መረቡን አልፋ እዚያው ትሞታለች። የቄንጠኛው ኳስ ደግሞ ከላላው ክር እየተወነጨፈች ከሜዳው ጫፍ መስመር ላይ ትወድቃለች። ወጣሪው በመስኮቱ ሆኖ ነገሩን ተረዳ። ለወትሮው ወጣሪ ሁሉ በእንዲህ ያለ ቀን ክር ያላላል። ሊቀብረው የቆፈረውን ጉድጓድ መሠረት አድርጎ ቤት ሠራለት።

ቄንጠኛው አሸንፎ ከነላቡ መጣ። በመስኮቷ ግማሽ አካሉን አስገብቶ የወጣሪውን ጭንቅላት ያዘና ሳመው።

«ምን ብታደርግበት ነው?»

«የታዘዝኩትን።»

«እጅህ ይባረክ! ትከሻ እንዳለኝ እንኳ ረሳሁ። ስማ፣ እንዲህ ከተጫወትኩ ዘመን አልፎኛል። ነገን ካለፍኩ ነጥቤ ይበቃኛል፤ ወደ ላይኛው ውድድር እመለሳለሁ። ካላለፍኩ...» እጁን በአንገቱ ላይ አለፍ አደረገ። «ለነገም እንደ ትናንቱ፣ አደራ!»

ወጣሪው ከጀርባው ሰማዩን አየ። ደመናው በምዕራብ በኩል ተቀዶ ነበር።

«እንደ ትናንቱ?» አለ።

«እንደ ትናንቱ! ምንም እንዳትቀይር።»

ለማንኛውም ደንበኛ፣ ለሚሰድቡትም ጭምር፣ «ነገ ፀሐይ ነው፤ ሜዳው ይደርቃል፣ ኳሷ ትበራለች፤ ትንሽ ላጥብቀው?» ማለት ልማዱ ነበር። ቃሉ ምላሱ ጫፍ ላይ መጣ። አፉን ከፍቶ «እሺ» አለ።

አባባ ቀዩ መጥረጊያቸውን ተደግፈው ሁሉን ሰምተዋል። ቄንጠኛው ሲርቅ ወደ መስኮቷ ቀረቡ።

«ነገ ይኼ ሜዳ ምጣድ ነው የሚሆነው። ነገርከው?»

«አልጠየቀኝም፣ አባባ።»

«አንተ ደግሞ መቼ ነው ሳትጠየቅ ያልተናገርከው?»

«ዛሬ ጉሮሮዬን አሞኛል።»

ሽማግሌው ትክ ብለው አዩትና «ሳል ይዞ ስርቆት» ብለው ሄዱ።

እንደ ትናንቱ ወጠረ። ሃያ አንድ፤ ሦስቱንም። አደራውን ሲበላ የጠቀመውን ሰው አሁን አደራውን ጠብቆ ሊቀብረው ነው። ከዚህ የበለጠ የጸዳ በቀል አስቦ አያውቅም፤ ማንም ቢመጣ፣ ዳኛም ቢሆን፣ «ያለኝን አደረግሁ» ይላል።

ፀሐይዋ እንደተጠበቀው ወጣች። ረፋዱ ላይ ሸክላው ነጣ ብሎ ተሰነጣጠቀ፣ ትቢያው ከእግር ሥር ተነሣ። ቄንጠኛው የመታት የመጀመሪያዋ ኳስ የኋላውን አጥር ደበደበች። ሁለተኛዋም። «አውት!» ይላል የመስመር ዳኛው፤ ድምፁ ወደ ክፍሏ በደንብ ይገባል። ወጣሪው ሌላ ራኬት ላይ አግድም ክር እየሸመነ ያዳምጥ ነበር። ቄንጠኛው ራኬት ቀየረ፤ ያው ነው። ቀስ ብሎ መምታት ጀመረ፤ ተጋጣሚው ወደፊት ወጥቶ ቀጣው። የመጀመሪያው ምዕራፍ አፍታም ሳይቆይ አለቀ።

ያኔ አባባ ቀዩ አንዱን ራኬት ይዘው እያለከለኩ መጡ።

«ክሩ ላልቷል ይላል፤ ቆርጠህ እንደገና በሃያ አምስት ወጥርልኝ፣ በቶሎ፣ አደራ ብሏል።»

ወጣሪው ይህን አላሰበውም ነበር። በጨዋታ መሃል ራኬት ልኮ ማስወጠር የተለመደ ነው፤ እሱ ግን የራሱን በቀል ሲሸምን የሰውየውን ማምለጫ ረስቶ ኖሯል። ራኬቱን ተቀበለ። ክሩን ከመሃል ጀምሮ በመቀስ ቆረጠ። አዲሱን ክር ዘረጋ፣ መጠምዘዙን አስለቀቀው፣ ጫፉን ሰያፍ አድርጎ ቆረጠ።

«ቶሎ በል እንጂ ልጄ፣ ሰውዬው እያለቀ ነው!»

«ያጣደፉት ክር ይሸሻል፣ አባባ።»

«ትናንት የዚያን ሸበቶ ራኬት እኔ አንድ ሲጋራ ሳልጨርስ አልነበር የወጠርከው?»

«ሲጋራው ረጅም ነበር።»

አልዋሸም፤ አላበላሸምም። ሃያ አምስት ኪሎ፣ አንድም ክር አልተጣመመም። እንዲያውም በዕድሜው ካማሩት አንዱ ነበር። ብቻ እንደ ሙሽራ ልብስ አደረገው፤ እያንዳንዱን አግድም ክር በጣቱ አስተካከለ፣ የክፈፉን ቀዳዳዎች ከትቢያ አጸዳ፣ ሲጨርስ እጁን በሳሙና ታጠበ። አባባ ቀዩ ሊቀበሉት እጃቸውን ሲዘረጉ «ራሴ አደርሳለሁ» አለ። ውድድር ተጀምሮ ሳለ ከዚያች ክፍል የወጣበት ቀን የለም።

ተጫዋቾቹ ቦታ ሲቀያየሩ ቄንጠኛው አግዳሚው ላይ ፎጣ ተከናንቦ ተቀምጦ ነበር። ለሽንፈት የቀረው ጥቂት ነው። ወጣሪው ራኬቱን ከፎጣው ሥር አስገባለት።

«የት ጠፋህ ወንድሜ! ገደልከኝ እኮ!»

«እጄ አብጦ ነው» አለ ወጣሪው። «ለእርስዎ መናገር ፈርቼ ነው እንጂ ራኬት መጨበጥ አልችልም።»

ቄንጠኛው ፎጣውን ከራሱ ላይ አነሣ። መጀመሪያ እጁን አየ፤ ቀጥሎ ፊቱን። ዳኛው «ጊዜ!» አለ። ቄንጠኛው አልተነሣም። ዳኛው ደገመው። ተነሥቶ ሲሄድ ሁለት ጊዜ ዞር ብሎ አየ።

በአዲሱ ራኬት ኳሷ ታዘዘችለት። የመታው ሁሉ ውስጥ ይወድቅ ጀመር፤ አንድ ጊዜ ተመልካቹ አጨበጨበ። ነገር ግን ጊዜው ሄዷል፤ ክሩ ስለጠበቀም ትከሻው ተመልሶ ታወቀው። ቄንጠኛው የመታት የመጨረሻዋ ኳስ መስመሩ አጠገብ ወደቀች። ምልክቷን ክብ ሠርቶ ዳኛውን ጠራ። ዳኛው ወርዶ አጎነበሰ፤ በመስመሩና በምልክቷ መካከል አንዲት ቀጭን ቀይ ክፍተት ነበረች። ዳኛው ጣቱን ወደ ላይ አነሣ፤ ኳሷ ውጭ ነበረች።

ቄንጠኛው ሳይታጠብ ወደ መስኮቷ መጣ። ላቡና ሸክላው ፊቱ ላይ ደርቆ ተሰነጣጥቋል።

«አንተ ነህ» አለ።

«እኔ ነኝ።»

«እዚሁ... ያን ጊዜ ሁሉ እዚሁ ነበርክ?»

«እጄ እስኪሻለኝ።»

ቄንጠኛው የመስኮቷን ጠርዝ ያዘ። የሆነ ነገር ለማስታወስ ከልቡ የሚታገል ይመስል ነበር። «አብጦ አልነበር እንዴ?» አለ።

ወጣሪው ሰውየው የሚቀልድ መስሎት ነበር። አይቀልድም። ውሸቱን በየአገሩ፣ በየመሸታ ቤቱ፣ «ጎበዝ ጓደኛ ነበረኝ፤ እጁ አብጦ ቀረብኝ» እያለ ከማውራቱ የተነሣ ማመን ጀምሯል። ለካ ወጣሪው ዕድሜውን ሙሉ የጠመደው ሰው ለእሱ ሲያዝንለት ኖሯል!

«አላበጠም» አለ ወጣሪው። «አንተ ነህ ያሳበጥከው።»

ቄንጠኛው እጁን ከመስኮቷ ጠርዝ አነሣ። «ይቅርታ» አለ። «እንግዲህ ዛሬ ተካክሰናል። ቢያንስ የትናንቱን አልወሰድክብኝም። ትናንት... እንደ ድሮዬ ነበርኩ።»

ወጣሪው ዝም ሊል ይችል ነበር። ይበቃዋል ሊል ይችል ነበር። የሰውየው ዐይን ውስጥ የቀረችውን ትንሽ ኩራት አየና እሷንም ፈለጋት።

«የትናንቱም የኔ ነው» አለ። «ሃያ አምስት ስትለኝ በሃያ አንድ ነው የወጠርኩት፤ እንድትሸነፍ። ዝናቡ ነው ያተረፈህ። አንተ አልነበርክም፤ እኔ ተሳስቼ ነው።»

ቄንጠኛው እንደተመታ ሰው አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አለ። ራኬቶቹን አንድ በአንድ ወደ ቦርሳው ከተተ፤ ዚፑ ሸክላ ገብቶበት እንቢ አለው፣ ታገለው፣ ሳይዘጋው አንጠልጥሎት ሄደ። ወጣሪው ጀርባውን እስኪሰወር አየ። ትከሻው ወደ አንድ ጎን ወርዶ ነበር። ደስታው ደረቱ ውስጥ ሞቅ ብሎ ወጣ፤ እንደጠበቀው ያህል ነበር፤ አላነሰም።

ከዚያ መጠበቅ ጀመረ። ክር ያላላ፣ ራኬት ያዘገየ ወጣሪ ከሥራው እንደሚባረር ያውቃል፤ ለዚህም ተዘጋጅቷል። ወስፌውንና ፒንሳውን በጨርቅ ጠቀለለ፤ የራሱ ናቸው። ምሳ ሰዓት ካለፈ በኋላ የውድድሩ ኃላፊ ጎንበስ ብላ ወደ ክፍሏ ገባች።

«ያ የተሸነፈው ሽማግሌ ተጫዋች ቢሮዬ መጥቶ ነበር፤ ስላንተ ሊያነጋግረኝ።»

«ዐውቃለሁ» አለ ወጣሪው፤ ተነሣ።

«ምነው፣ ወዴት ነው? ቁጭ በል። ‹በዞርኩበት ሁሉ እንዲህ ያለ ወጣሪ አላየሁም፤ የሚቀጥለውም ዓመት እንዳትለቁት› ብሎኝ ሄደ። ዐይኑ እንባ አቅርሮ ነበር፣ ምስኪን። ምን ብታደርግለት ነው?»

ወጣሪው ቁጭ አለ። የተጠቀለለውን ጨርቅ ፈትቶ ፒንሳውን ወደ ቦታው መለሰ።

ማምሻውን ሚስቱ ሱቋን እየጠረገች ሁሉንም አስወራችው፤ ከቁራጭ ጸጉሩ ክምር ፊት ቆማ፣ መጥረጊያውን ታቅፋ፣ የአግዳሚውን ንግግር ሁለት ጊዜ አስደገመችው። በትናንቱ ድል ጉዳይ ላይ ሲደርስ «ደግ አደረግህ!» አለች። ኃላፊዋ ያለችውን ሲነግራት ግን ፊቷ ተለወጠ።

«እንዲያ አለ? ሳይከስህ?»

«እንዲያ አለ።»

«ታዲያ አሁን ምን ይሻላል? ውለታ ሆነብህ እኮ። ሰውዬው ደግ ሆኖ ሄደብህ!»

ወጣሪው ከሚሽከረከረው የደንበኞች ወንበር ላይ ተቀምጦ በመስተዋቱ ውስጥ ራሱን አየ። ጥርሱን ነከሰ።

«ይችንም ቋጠርኩበት» አለ።